ላይኛው የቀኝ ጥግ

የካቲት 3

ለወንድሜ ለቀስ በቀስ፤

ሰላምታዬ ከፖስታው ቀድሞ ይድረስህ። እኛ ደህና ነን። ባሌ ብቻ ጥርሱን ያመዋል፤ እኛን ግን ከጥርሱ ይልቅ ስለ ጥርሱ የሚያወራው ነው ያመመን።

ደብዳቤህ ትናንት ደረሰኝ፤ መኝታ ቤት ገብቼ በሩን ዘግቼ አነበብኩት። አሁን «በሩን ለምን ዘጋሽ?» ትለኛለህ። ንፋስ ስለነበረ ነው፣ ነገር አትፈልግ።

«የላክሁት ዲስክ ደረሰ ወይ? አባባስ ፊልሙን አይቶ ምን አለ?» ብለህ ስትጠይቀኝ ይሄ ሦስተኛህ ነው። አይተነዋል እኮ! ቁጭ ብለን፣ መጋረጃ ዘግተን፣ እንደ ሰው አየነው። ጥሩ ሥራ ነው። ካሜራህ እንደ ሌላው ሰው ካሜራ አይቅበዘበዝም፤ አንድ ቦታ ከተቀመጠ ተቀመጠ ነው። አባባም ወዶታል። በተለይ ወንበሯን። «ያቺ ወንበር እንዴት ታምራለች!» እያለ ደጋግሞ አደነቀልህ።

አባባን በስልክ አገናኚኝ ላልከው፣ እናንተ ሁለታችሁ በስልክ ምን ትባባላላችሁ? እሱ «እህ» ይላል፣ አንተ «እህ» ትላለህ፣ መሃል ላይ በጭንቀት የምሞተው እኔ ነኝ። እኔና አንተም ደብዳቤ የመረጥነው ለዚሁ አይደል? በስልክ እኔ ሳወራ አንተ ስትሰማ ቆይተህ፣ መጨረሻ ላይ «አለህ?» ስልህ «አለሁ» ትላለህ፣ የዓመት ወሬህ እሱው ነው። በወረቀት ቢያንስ ተራ ይደርስሃል።

ሥራዬም ያው ነው። እኛ ልብስ ክፍል የሆስፒታሉ አንሶላና ጋውን እንደ ጎርፍ ይመጣል፣ እኔም ስተኩስ እውላለሁ። ሌላ አዲስ ነገር የለም።

እህትህ ሬዲዮ


የካቲት 19

እትዬ፣

እንደምን ሰነበትሽ? ደብዳቤሽን አራት ጊዜ አነበብኩት፤ አጭር ስለሆነ አልከበደኝም።

በዚህ ፊልም ውስጥ ወንበር የለም። ወንበሩ ያለው ባለፈው ፊልሜ ውስጥ ነው። እሱን ደግሞ አባባ አሥር ደቂቃ አይቶ «ሰውዬው መጥቶ የሚቀመጠው መቼ ነው?» ብሎ ተነሥቶ እንደሄደ ራስሽ ጽፈሽልኝ ነበር።

አልተቀየምኩም። ግን አንቺ ደህና ስትሆኚ የምትጽፊው አራት ገጽ ነው። ያለፈው አንድ ገጽ ብቻ ነው። ክፍት የነበረ ሬዲዮ በድንገት ጸጥ ሲል ሰው ይደነግጣል።

ዲስኩን ስላላያችሁት በውስጡ ያለውን ልንገርሽ። አባባ ሲኒማ ቤቱ ውስጥ ፊልም ያጫውትበት የነበረው ማሽን ክፍል ነው። ሲኒማ ቤቱ ሊዘጋ አንድ ሳምንት ሲቀረው፣ በሃያ ዓመቴ፣ በተዋስኩት ካሜራ የቀረጽኩትን ግድግዳ ታስታውሺያለሽ? አባባ «ፊልም አታባክን፣ ግድግዳ የትም አይሄድም» ብሎ የጮኸብኝ ቀን። ግድግዳው ግን ሄደ፤ ሕንፃውን አፈረሱት። ያ ግድግዳ በፊልሙ መጨረሻ ላይ፣ የማሽኑ ብርሃን እየተርገበገበበት፣ ለአራት ደቂቃ ይታያል። ከዚያ በፊት ያለው ባዶ ኮሪደር፣ የተዘጋ በርና የእኔ ድምፅ ነው፤ ማየት ማለት ምን እንደሆነ ከራሴ ጋር የማወራው። ታሪክ የለውም፣ ጥያቄ ብቻ ነው። ጥያቄውም የቀረበው ለአንድ ሰው ነው፤ ሠላሳ አንድ ዓመት ለሌላው ፊልም ሲያጫውት ለኖረ ሰው።

ስለዚህ እባክሽ እውነቱን ንገሪኝ። አባባ ለምን አላየውም? ተቀይሞኛል?

ወንድምሽ


መጋቢት 2

ወንድምዬ፣

እሺ፣ ተያዝኩ። ብቻዬን ልየው ብዬ አንድ ቀን ከፍቼው ነበር፤ ሰባተኛው ደቂቃ ላይ እንቅልፍ ጥሎኝ ሄደ። ወንበሯን በሕልሜ ሳላያት አልቀርም። አንድ ወንበር ደግሞ ከሰው ፊልም ውስጥ አይጠፋም ብዬ ነው የጻፍኩልህ።

ይቅርታ። አሁን ቁጭ በል። ተቀመጥክ? አባባ አልተቀየመህም። አባባ አያይም።

አትደንግጥ! የዓይን ሞራ ነው፣ ሁለቱም ዓይኑ ላይ። ከጀመረው ዓመት አልፎታል። መጀመሪያ «ይሄ አምፖል ደክሟል» አለ፤ ባሌ ወንበር ላይ ወጥቶ ሦስቴ ቀየረለት። (ይኸው፣ ወንበር እኛም ቤት አለ።) ከዚያ ውኃ ከብርጭቆው ጎን መቅዳት ጀመረ። አሁን ከክፍሉ ወደ መታጠቢያ ቤት ሲሄድ ኮሪደሩን በመዳፉ እየዳሰሰ ነው፤ ግድግዳው ላይ በእጁ ቁመት ልክ ጥቁር መስመር ተሠርቷል። ሁሉን የማጥብ ሴትዮ ያንን መስመር አላጥበውም፤ መንገዱ ነው፣ እንዴት ብዬ?

አስምሎኝ ነው ያልነገርኩህ። «ለልጁ ብትነግሪው ሥራውን ጥሎ ይመጣል፤ መጥቶ ደግሞ ቆሞ ያየኛል። በሱ መታየት አድካሚ ነው» አለኝ። ሳቄ መጣ፤ ቃሌንም ሰጠሁት።

እኛ ሆስፒታል አንዲት የዓይን ሐኪም አለች፣ ልጅ እግር፣ ጋውኗን የምተኩሰው እኔ ነኝ። መረመረችው። በአንድ ቀን የሚያልቅ ነገር ነው፣ ቀኝ ዓይኑን ቀድመን፣ ግራውን ቆይተን እንሠራለን አለች። ግን ከዚህ በላይ ከቆየ ሞራው ይጠጥርና ያስቸግራል። አባባ እምቢ ብሏል። ፈርቷል፤ ፈራሁ ግን አይልም። ያለውን ልንገርህ፣ አትቆጣ፦ «ልጄ የሚሠራው ምንም የማይሆንበት ፊልም ነው። ምንም የማይሆንበትን ለማየት ዓይን ምን ያደርጋል?»

ባሌ ሳቀ፣ እኔም ሳቅሁ፣ እሱም ሳቀ። ከዚያ «ዲስኩ የት ነው ያለው?» ብሎ ጠየቀኝ። ሰጠሁት። ይኸው እስከ ዛሬ ከትራሱ ሥር ነው።

ስለዚህ በአርባ ሁለት ደቂቃ ፊልም የተናገርከውን በአንድ ገጽ አድርገህ ላክልኝ፣ ላንብብለት። እኔን ዕድሜዬን ሙሉ ሰምቶኛል፤ የአንተ ድምፅ ግን ብርቅ ነው። አትምጣ፣ ጻፍ።

ጥፋተኛዋ እህትህ


መጋቢት 14

እትዬ፣

ተቀመጥኩ። አሁንም እንደተቀመጥኩ ነው።

እኔም የደበቅሁሽ አለ። ፊልሙ ሲታይ ሰው መጥቶ እንደሆነ ጠይቀሽኝ «ሰው ነበረ» ብዬሽ ነበር። ሰባት ሰው ነበረ። ሁለቱ ተኙ፤ አንዷ በሩን ተሳስታ ነው የገባችው። እስከ መጨረሻው ዓይኗን ሳትነቅል የቆየችው ግን እሷ ናት። በማግሥቱ ካሜራውን ሣጥኑ ውስጥ ከትቼ ቆለፍኩት። እስካሁን አልከፈትኩትም። አባባ ካላየው የምከፍተው አይመስለኝም።

ለእሱ የምታነቢለት ይኸው፦

«አባባ፣ ግድግዳ የትም አይሄድም ብለኸኝ ነበር። እኔ አንድን ነገር ለረጅም ጊዜ ሳየው መጀመሪያ ይሰለቸኛል። ከዚያ ያናድደኛል። ከዚያ መናደዱም ሲሰለቸኝ፣ ነገሩ ራሱ ቀስ ብሎ ይመጣል። ይህን ያህል ነው የማውቀው። ያንን ግድግዳ የቀረጽኩት አንተ ቀኑን ሙሉ ከፊቱ ስለምትቆም ነው። የድሮ ፊልም ስለሆነ ጥራት የለውም። አንድ የሥራ ባልደረባዬ፣ ከላይ በቀኝ ጥግ፣ ግድግዳው ላይ ባለችው ትንሽ መስኮት መስታወት ላይ ያለውን እድፍ ቁረጠው ብሎኝ ነበር። ከቆረጥኩት ግድግዳው ይጠባል ብዬ ተውኩት። ዓይንህ ሲድን እንድታየው እፈልጋለሁ። ካልወደድከውም አይተህ ጥላው።»

ከዚህ በታች ያለውን ግን አታንብቢለት።

በእማዬ ቀብር ማግሥት ያልሽኝን አስታውሳለሁ። «ግድግዳ ስትቀርጽ እናትህን አንድ ቀን ሳትቀርጻት አለፈች» አልሽኝ። ይቅርታ ብለሽኛል፤ እኔም ግዴለም ብያለሁ። ግን ልክ ነበርሽ። ዘጠኝ ዓመት ሙሉ ያሉኝን ቅጂዎች ሁሉ ፈለግኩ። በሁለት እጇ የአባባን ምሳ ዕቃ ይዛ የማሽን ክፍሉን በር በዳሌዋ ገፍታ የምትገባዋን እንኳ የለኝም። ሁልጊዜ ነገ እቀርጻታለሁ እል ነበር፤ እሷ ሁልጊዜ ነበረቻ።

ወንድምሽ


ሚያዝያ 6

ወንድምዬ፣ ያያል!!

ከሰላምታው በፊት ይሄን ልበል ብዬ ነው። አሁን ደግሞ ጤና ይስጥልኝ፣ እንደምን አለህ?

«ምን ብሎ እሺ አለ?» ማለትህ አይቀርም፤ ከተናገርከው ሁሉ ያሳመነው ምን መሰለህ? ስለ ማየት የጻፍከውን ዓይኑን ጨፍኖ ሰምቶ «ሁለቴ ‹ከዚያ› አለ፤ ልጅ ሆኖም እንዲሁ ነበር» አለ። እድፉ ጋ ስደርስ ግን ብድግ!

«ምን አልሽ? እድፍ? የኔ መስታወት ላይ?»

«እንደዚያ ይላል።»

«በየቀኑ ጠዋት በሸሚዜ ጫፍ የምወለውላት መስታወት ላይ? እድፍ? ሐኪሟን ጥሪያት! በዓይኔ ካላየሁ አላምንም።»

በቃ፣ ይኸው ነው። እኔ ሦስት ወር ለምኜ፣ ባሌ መክሮ፣ ሐኪሟ አስረድታ ያልሆነው በአንድ እድፍ ሆነ።

የሠሩት ዕለት ልብስ ክፍል ቆሜ አሥራ ሰባት ጋውን ተኮስኩ፤ የሚተኮስ ሲያልቅብኝ የተተኮሰውን ደገምኩት። በማግሥቱ ሐኪሟ ፋሻውን ስታነሣ ጎኑ ነበርኩ። ጣቷን ከፊቱ አድርጋ፣

«አባቴ፣ ስንት ጣት ይታይዎታል?» አለችው።

«ጣቱን ተይው፣ ቀለበት ነው የሚታየኝ። ማነው የሰጠሽ?»

ልጅቷ በሳቅ ፈረሰች። ከዚያ ዞር ብሎ እኔን አየኝ። ትክ ብሎ አየኝ። «አንቺ ልጅ» አለኝ፣ «መቼ ነው እንዲህ ያረጀሽው?»

በሕይወቴ ከሰማሁት ሙገሳ ሁሉ ይሄ በለጠብኝ ብልህ ታምናለህ? ፋሻውን ተቀብዬ ፊቴን ጠረግሁበት።

ቤት ገብተን ደግሞ ኮሪደሩ መሃል ላይ ቀጥ ብሎ ቆመ። «ይሄን ግድግዳ እንዲህ ያቆሸሸው ማነው?» አለ። ባሌና እኔ ተያየን።

ሐኪሟ ሦስት ሳምንት ዓይኑን አያድክም ብላለች። ከዚያ ዲስኩን እንከፍታለን።

ደስተኛዋ እህትህ


ሚያዝያ 29

ወንድምዬ፣

«መጀመሪያ የሚያየው የኔ ግድግዳ አይሁን፣ ሌላ ደስ የሚል ነገር አሳዩት» ያልክበት ደብዳቤ ደርሷል፤ ግን ዘግይቷል። አይቶታል። እንግዲህ ተረጋጋና እንደ ፊልምህ ቀስ ብለህ አንብብ፤ ዘለህ መጨረሻውን እንዳታይ።

እሑድ ከሰዓት በኋላ ነው። መጋረጃውን ዘጋን። ዲስኩን ራሱ ነው ያስገባው፤ መጀመሪያ በሸሚዙ ጫፍ ወለወለው፣ ከዚያ አሸተተው። «ሽታ የለውም፣ ይሄ ምን ፊልም ነው» አለ።

ድምፅህ ጀመረ። ባሌ አምስተኛው ደቂቃ ላይ ተኛ። እኔ ጭኔን እየቆነጠጥሁ ሰባተኛውን አለፍኩ፣ ተመስገን። አባባ ግን ንቅንቅ አላለም። ዓይኑን ስመለከት መሃሉን አያይም! ላይ፣ በቀኝ በኩል፣ ጥጉ ላይ ተክሎ ቀርቷል። ያ የተሠራው ዓይኑ ተንጋደደ ብዬ ድርቅ አልኩ።

«አባባ፣ ፊልሙ እኮ ወዲህ ነው።»

«አውቃለሁ። ነጥቧን እየጠበቅሁ ነው።»

አንተ ነጥቧን ታውቃት ይሆናል፤ እኔ ግን በአርባ ስምንት ዓመቴ ገና እሑድ ነው የገባችኝ። ለካ ፊልም በጥቅል በጥቅል ነው የሚመጣው። አንዱ ጥቅል ሊያልቅ ሲል በላይኛው የቀኝ ጥግ ላይ አንዲት ነጥብ ብልጭ ትላለች፤ ያኔ አባባ ሁለተኛውን ማሽን ያስነሣል። ደግማ ብልጭ ስትል ይቀይራል። ዓይኑን ከጥጉ ካነሣ ሸራው ነጭ ይሆናል፣ ከታች ፉጨትና ስድብ ይወርድበታል። «ሰው ሠላሳ አንድ ዓመት መሃሉን ሲያይ እኔ ጥጉን አየሁ» አለኝ። «አንድ ፊልም በወጉ አላየሁም።»

«ይሄ ዲስክ ነው አባባ፣ ነጥብ የለውም» አልኩት።

«ታዲያ ምን ልጠብቅ?»

አንተ በዚያው ቅጽበት ከቴሌቪዥኑ ውስጥ «ምንም ሳንጠብቅ ማየት እንችላለን ወይ?» አትልም! አባባ ቴሌቪዥኑን ተቆጣው፦ «ዝም በል እስቲ፣ እያየሁ አይደል!»

ከዚያ ግድግዳህ መጣ። ግራጫ፣ ብርሃኑ እየተርገበገበበት፣ ላይ በቀኝ በኩል ወደ አዳራሹ የምታሳየው ትንሿ መስኮት። አባባ ወደ ፊት ተጠጋ። ጥቂት ቆየና በአፉ ውስጥ መቁጠር ጀመረ፤ አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት... በድንገት «መልሺው!» ብሎ ጮኸ። ባሌ ባንኖ «አለቀ?» አለ።

መለስኩት። አባባ ተነሥቶ ሄዶ ጣቱን ጥጉ ላይ አሳረፈ። «እድፍ የለም ብዬሃለሁ!» አለ፣ አንተ እዚያ የቆምክ ይመስል። «ንጹሕ መስታወት ነው፤ ንጹሕ ስለሆነ ነው የኋላውን የሚያሳየው። ከካሜራው ኋላ ያለው በር ነው ይሄ።»

እኔም ተጠጋሁ። እውነቱን ነው፣ በር ነው። በሩ ተከፈተ። በእጅ አይደለም፣ ወንድምዬ። በዳሌ ነው የተከፈተው።

እማዬ ናት።

ያቺ ግራጫ ሹራቧ፣ በሁለት እጇ ምሳ ዕቃው። ትንሽ ናት፣ የአውራ ጣቴን ጥፍር ታክላለች፤ ግን እንደዚያ በር የሚከፍት ሌላ ሰው አላውቅም። ገባች፤ ምሳ ዕቃውን አላስቀመጠችም። ቆመች። ዝም ብላ ቆማ ወደ ማሽኑ፣ ወደ አባባ ታያለች። አባባ ሰከንዱን በአፉ መቁጠር ልማዱ ነው፤ አሥራ ዘጠኝ ሰከንድ ነው አለ። ከዚያ ጎንበስ ብላ አስቀመጠችና ወጣች።

ስንት ጊዜ መላልሰን እንዳየናት አልነግርህም። አባባ በመጨረሻ፣ «ምሳዬን አኑራ ወዲያው የምትሄድ ነበር የሚመስለኝ» አለ። «ነጥቧን ስጠብቅ አንድ ቀን ዞር ብዬ አላውቅም። ለካ ቆማ ታየኝ ነበር።» እያለቀሰ ነው ብዬ ዓይኑ እንዳይጎዳበት ሰግቼ ነበር፤ ሳየው ፈገግ ብሏል።

በቀብሩ ማግሥት ያልኩህን ዛሬ በጽሑፍ ሽሬዋለሁ። ቀርጸሃታል።

እህትህ


ግንቦት 14

እትዬ፣

ምን ብዬ እንደምጽፍ ስፈልግ አራት ቀን አለፈ።

አሥራ ስምንት ዓመት ያንን ግድግዳ ሳየው ኖርኩ፣ መሃሉን። ቀስ ብዬ ማየት የማውቀው እኔ ብቻ ይመስለኝ ነበር፤ እሷ ከኋላዬ ቆማ ስታይ በሩን እንኳ አልሰማሁም። የማሽኑ ድምፅ ነው መሰል። ደብዳቤሽን አንብቤ ቅጂውን ከፈትኩና አገኘኋት። ከዚያ ካሜራውን ከሣጥኑ አወጣሁት። ሌንሱ አቧራ ጠጥቶ ነበር፤ በሸሚዜ ጫፍ ወለወልኩት።

አንድ ነገር አባባን ጠይቂልኝ። ሌላውም ሰው እንዲያያት ያንን ጥግ ላጉላው? ወይስ ቀስት ነገር ላድርግበት? እሱ ያለውን አደርጋለሁ።

ወንድምሽ


ግንቦት 27

ወንድምዬ፣

ጥያቄህን አነበብኩለት። ሻዩን አስቀመጠ፣ አፉን ጠረገ፣ «ጻፊ» አለኝ፤ እንደ ዳኛ! ያለው ቃል በቃል ይኸው፦

«አታጉላት። ቀስትም አታድርግ። ማየት የፈለገ ሰው ይጠብቅ። እኔ እስከ ሰባ አራት ዓመቴ ጠብቄ ነው ያየኋት፣ እነሱ አራት ደቂቃ ቢጠብቁ ምን ይሆናሉ? ባልደረባህን ደግሞ መስታወቴ ንጹሕ ነው በልልኝ። ምንም አይሆንበትም ያልኩትን ትቼዋለሁ። እንደዚያ ያለ ሌላ ግድግዳ ካለህ ላክ።»

ይሄን ብሎ ተነሣና ኮሪደሩን በፎጣ ማጠብ ጀመረ፣ ያንን የእጁን መስመር። «ተወው አባባ፣ እኔ አጥበዋለሁ» ብለው፣ «አንቺማ ዓመት ሙሉ አላጠብሽውም» አለኝ! ግማሹን አጥቦ ደከመው፤ ግማሹ አሁንም አለ። ስትመጣ ካሜራህን ይዘህ ና፤ እስክትቀርጸው አላስነካውም።

ግራ ዓይኑን በሐምሌ ይሠሩለታል። የባሌ ጥርስ ተነቀለ፤ አሁን ደግሞ ስለተነቀለው ጥርስ ያወራል። ሐኪሟ የታጨችለትን ሰውም አየነው፣ ቁመቱ አጠር ይላል ግን ደግ ይመስላል፤ የሱን ታሪክ በጀርባው ጽፌልሃለሁ፣ ከዚያ የጎረቤታችንን ድመት፣ ከዚያ ስለ አዲሱ መተኮሻ።

የደበቅሁህ ነገር አለ ብለህ እንዳትጠረጥር ገጹን ቁጠረው። ሰባት ነው።

ሬዲዮ